ከሴላ ሥር የተነጠፈው

ኦቫካ ደሴት፣ ቫቫኡ
ማርች 6፣ 2016

ለወንድሜ ልጅ ለፉሲፓላ፤

ሰላምታዬ ከጀልባው ቀድሞ ይድረስሽ። እዚህ እኛን ያልረሳ አምላክ እዚያ በሰው አገር አንቺንም ወንድሜንም አይርሳችሁ። እኔ ጉልበቴን ካልቆጠርነው ደህና ነኝ። ጉልበቴን ከቆጠርነው ደግሞ ወረቀቱ አይበቃም።

ወሬ ሰማሁ። እናንተ ዘንድ ቲማቲም ሲለቅም ከርሞ የተመለሰው ቶማሲ ገና ከጀልባው ሳይወርድ ነው የጮኸልኝ። "አክስቴ ቬይሲኒያ፣ ፉሲ ልታገባ ነው! ሰውየው ፈረንጅ ነው፣ የሚጋቡት ፍርድ ቤት ነው!" አለኝ። "ፍርድ ቤት? ማንን ገድለው?" አልኩት። ጀልባው ላይ ያለው ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም።

ልጄ፣ የአባትሽ ታላቅ እህት እኔ ነኝ። እኔ ከላይ ሳልቀመጥ ሙሽራ አይቀመጥም፣ አሳማ አይቆረጥም፣ ጸሎትም አይጀመርም። ይህን የምጽፍልሽ ሳታውቂው ቀርተሽ አይደለም፤ የረሳሽው ስለመሰለኝ ነው። ያ ፍርድ ቤት ከላይ የሚያስቀምጠው ማንን ነው? ዳኛውን?

ፍራሼ ሥር ያለውን የልጥ ልብስ ታውቂዋለሽ። የመንደሩ ሴቶች ሁሉ ለእህትሽ ለሴላ ሠርግ የዛፍ ልጥ ሲደበድቡ ከርመው የሠሩት ነው። ቢዘረጋ ከቤቴ ደጃፍ እስከ ቤተ ክርስቲያኑ በር ይደርሳል። ሠርጓ ሦስት ሳምንት ሲቀረው ያ የመኪና አደጋ ወሰዳትና ሳይዘረጋ ቀረ፤ እኔም ይኸው አራት ዓመት ተኝቼበታለሁ። አሁን የሚዘረጋበት ቀን መጣ ብዬ ነበር። አሳማ አለኝ፣ ጎደሬም አለኝ። አንቺ የቆርቆሮ ሥጋ በካርቶን ላኪና ሙሽራሽን ይዘሽ ነይ። ፈረንጅ መሆኑ ግድ የለም፤ መሬት ላይ መቀመጥ እናስተምረዋለን።

አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ለሴላ ሠርግ የሠራሁትን ስስ ምንጣፍ ለቀብሯ ብዬ በአውሮፕላን መላኬን ታስታውሻለሽ። ከሥሯ ሲነጠፍ አማረ? ያኔ በስልክ "ሁሉም ነገር አምሮ ነበር" አልሽኝ እንጂ ምንጣፉን ለብቻው አላነሳሽውም። ወንድሜን እንዳልጠይቀው፣ እህትና ወንድም እንዲህ ያለውን ነገር አፍ ለአፍ አይነጋገሩም። በስልክ እንዳልጠይቅሽ፣ እዚህ ስልክ ሲጮህ ቤት ሙሉ ሰው ጆሮውን ያቆማል።

አክስትሽ ቬይሲኒያ

*

ባንዳበርግ
ኤፕሪል 11፣ 2016

ለተከበሩ አክስቴ ቬይሲኒያ፤

ይህ ወረቀት እጅዎ ሲገባ ጉልበትዎ ተሽሎት ያግኝዎ። አባባ ደህና ናቸው፤ በሽንኮራው ፋብሪካ አሁንም ይሠራሉ፣ እሑድ እሑድ መዘምራን መሃል ቆመው ይዘምራሉ፣ በቀረው ጊዜ ዝም ይላሉ። እንደሚያውቋቸው ናቸው።

ቶማሲ አፉ አያርፍም እንጂ የነገረዎት እውነት ነው። እኔ ነበርኩ አስቀድሜ መጻፍ የነበረብኝ። ሰውየው ግራንት ይባላል። ችግኝ ጣቢያ ይሠራል፤ ከሰው ይልቅ ከዛፍ ጋር የሚያወራ ዓይነት ነው። ጎደሬ በቲማቲም ሶስ ይበላል፣ አባባ ይህን ባዩ ቁጥር ፊታቸውን ያዞራሉ። ከእናቱ በቀር ዘመድ የለውም፤ እሷም አርጅታለች፣ አውሮፕላን አትሳፈርም። ትልቅ ሠርግ ብንደግስ በእሱ ወገን የሚቀመጥ ሰው አይኖርም። ስለዚህ እዚሁ ከተማችን ያለው ፍርድ ቤት ሄደን፣ ፈርመን፣ ምሳ በልተን ልንመለስ ነው ሐሳባችን። ለማንም ንቀት አይደለም። ትንሽ ነገር ስለፈለግን ብቻ ነው።

የልጡን ልብስ ግን እባክዎ ይተዉት። እዚያው ይቀመጥ።

ለጣሪያዎ ማደሻ ትንሽ ብር ልኬያለሁ። ለአሳማ እንዳያደርጉት።

ልጅዎ ፉሲ

*

ኦቫካ
ሜይ 2፣ 2016

ለፉሲፓላ፤

የእግዚአብሔር ቸርነት በዙሪያሽ ይሁን። ብሩ ደርሶኛል፣ እጅሽ ይባረክ። ጣሪያው ግን አራት ዓመት ያፈሰሰ ጣሪያ ነው፤ አንድ ዓመት ቢጨምር አይሞትም። አሳማ ገዛሁበት።

የጠየቅሁሽን ዘለልሽው። አንብቤ አንብቤ ገለበጥኩት፣ ጀርባውንም አየሁ። ስለ ምንጣፉ አንድ ቃል የለም። እሺ፣ ይቆየን።

አሁን የምጽፍልሽን ለፓስተሩም አልነገርኩም። ከፋሲካ ወዲህ ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ውሻዬ ከተኛበት ተነስቶ ወደ ደጃፉ ይሄድና ጭራውን ይወዘውዛል። አይጮህም። ይወዘውዛል ብቻ። ያ ውሻ እኔን ካልሆነ ለማንም ጭራውን እንደማይቆላ ታውቂያለሽ፤ ለፓስተሩ እንኳ ጥርሱን ነው የሚያሳየው። ከእኔ ሌላ በፊት ለሴላ ብቻ ነበር እንዲህ የሚሆነው። እርጅና ነው ብዬ ተውኩት። የዛሬ ሳምንት ማክሰኞ ግን ድስቱን አውርጄ ዞር ስል አየኋት።

ደጃፉ ላይ ጀርባዋን ሰጥታኝ ተቀምጣለች። ፀጉሯ ተፈቷል፤ ደርቋል፤ ዘይት አላየም። ሙሽራ ሊሆን የነበረ ፀጉር እንዲያ ሲደርቅ አይቼ አላውቅም። አልፈራሁም ብልሽ መዋሸት ነው። "ግቢ ልጄ" አልኳት። አልገባችም። በነጋታውም መጣች፤ አሁንም አልገባችም። እኔም ገባኝ። ከሥሯ ያልተነጠፈላት ሰው ናት እንዲህ የምትሆነው። ለዚህ ነው የምጠይቅሽ።

ሠርጉን ኦገስት ላይ እናድርገው፤ ያኔ አየሩም ይቀዘቅዛል። ቁመትሽንና የወገብሽን ልክ በክር ለክተሽ ላኪልኝ። ከትከሻ እስከ ቁርጭምጭሚት እንጠቀልልሻለን፣ ዘይቱን እኔ ራሴ እቀባሻለሁ። ሴላዬ፣ አትፍሪ፤ ልብሱ ልክሽ ነው።

አክስትሽ

*

ባንዳበርግ
ጁን 20፣ 2016

ለአክስቴ ቬይሲኒያ፤

ጤናና ሰላም ለቤትዎ። መልሱን ያዘገየሁት ሥራ በዝቶብኝ አይደለም። ስድስት ጊዜ ጀምሬ ቀድጄዋለሁ።

የደብዳቤዎን መጨረሻ እንደገና ያንብቡት። ማንን ነው የጠሩት? እርስዎ ላያስተውሉት ይችላሉ። እኔ ግን ወጥ ቤት ቆሜ ደግሜ ደግሜ አነበብኩት።

አክስቴ፣ እኔ ሳድግ ቀሚሴ የሴላ ነበር። ጫማዬ የሴላ ነበር። ትምህርት ቤት አስተማሪው "የሴላ እህት" እያለ ነበር የሚጠራኝ። አልከፋኝም ነበር፤ እወዳት ነበር፤ እሷን እየመሰልኩ መኖር ደስ ይለኝ ነበር። አሁን ግን የሞተች እህቴ ልትለብሰው የነበረውን ለብሼ፣ ልትቀመጥበት በነበረው ላይ ተቀምጬ፣ ለእሷ ሊቆረጥ የነበረውን በልቼ ማግባት አልችልም። ሰው ሁሉ እኔን እያየ እሷን ያለቅሳል። እርስዎም ጭምር። የማን ሠርግ ነው የሚደገሰው?

ፍርድ ቤቱን ለምን እንደመረጥኩ እውነቱን ልንገርዎ። የግራንት እናት ሰበብ ናት። እዚያ ክፍል ውስጥ ጠረጴዛና ወንበር ነው ያለው፣ ግድግዳው ላይ ሰዓት አለ። አንድም የሴላ የሆነ ነገር የለም። ለዚያ ነው።

ልኬን አልክም። ስለ ደጃፉም አይጻፉልኝ። የእርስዎን ወረቀት ካነበብኩ ወዲህ እኔም ለበሩ ጀርባዬን ሰጥቼ መቀመጥ አቅቶኛል። ግራንት ወንበሬን ባዞርኩ ቁጥር "ብርድ ገባሽ?" ይለኛል።

ብደፍርብዎት ይቅር ይበሉኝ።

ፉሲ

*

ኦቫካ
ጁላይ 9፣ 2016

ለፉሲፓላ፤

ሰላም ላንቺ። አንብቤዋለሁ። ስሙን የጻፈው እጄ ነው፤ እኔ አላየሁትም። እውነትሽን ነው።

ሠርጉን ተይው። አልለምንሽም። አሳማዎቹ ይኑሩ፣ ይዋለዱ።

ግን በሆዴ የያዝኩትን አንድ ነገር አውጥቼ ልገላገል። የቀብሩን ፎቶ ሰው ልኮልኝ ነበር። ወንዶቹ ሁሉ ወገባቸው ላይ የክብር ምንጣፋቸውን አስረዋል፤ ልጆቹም፣ ለልቅሶ የመጣ አንድ የፊጂ ሰው እንኳ ተውሶ አስሯል። ጉድጓዱ አፍ ላይ የቆመው ወንድሜ ብቻ ነጭ ሸሚዝና ሱሪ። ወገቡ ባዶ። የእናታችን የወገብ ምንጣፍ የት ሄደ? ወንድሜ ከዚህ ሲነሳ በገዛ እጄ ነው ያስታጠቅሁት። በንጉሥ ፊት፣ በእግዚአብሔር ፊትና በሬሳ ፊት የሚታሰር ነገር፣ በገዛ ልጁ ሬሳ ፊት ሳያስር ቆመ። በዚያ ፎቶ ወገቡን እያየሁ ነው አራት ዓመት የኖርኩት። አንቺ ፍርድ ቤት ስትዪኝም ልቤ ስንጥቅ ያለው ለዚህ ነው፤ የወንድሜ ቤት ሁሉንም አውልቆ ጣለ አልኩ።

እኔ ልጠይቀው አልችልም። አንቺ ጠይቂው። ከሴላ ሥር የተነጠፈውንም ንገሪኝ። መጥፎም ቢሆን ንገሪኝ። ትናንትም መጥታ ነበር።

ቬይሲኒያ

*

ባንዳበርግ
ጁላይ 27፣ 2016

ውድ አክስቴ፤

እግዚአብሔር ያጽናዎ፤ ቁጭ ብለው ያንብቡት።

ምንጣፉ አልተነጠፈም። ሴላ ጋ አልደረሰም።

የቀብሩ ጠዋት አባባ ሬሳው ጋ ሆኑ፣ እኔ ጥቅሉን ልቀበል ብሪስቤን አውሮፕላን ማረፊያ ነዳሁ። እዚህ አገር ሲገባ ሁሉ ነገር እንደሚፈተሽ ያውቃሉ። ተቆጣጣሪው ጥቅሉን ፈታው። መሃሉ ላይ የሄይላላ አበባ ጉንጉን ነበር፣ ገና ትኩስ፣ ከነቅጠሉ። በጓንት እጁ ብድግ ሲያደርገው ጉንዳን ወጣ።

"ይሄ ምንድነው?" አለኝ።

"ለእህቴ ነው። ዛሬ ትቀበራለች።"

"በጣም አዝናለሁ፤ ግን ጉንዳን ያለበት ነገር ማስገባት አልችልም።"

"አበባውን ጣለው። ምንጣፉን ብቻ ስጠኝ። እየለመንኩህ ነው።"

"ሁሉም አንድ ላይ ተጠቅልሎ ነው የመጣው" አለኝ። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ወንበር አምጥቶልኛል፣ ውሃም ሰጥቶኛል። አለቃውን ጠርቶ ጠየቀልኝ። አለቃውም ያንኑ አለኝ። ምንጣፉን ከነአበባው አቃጠሉት፣ አክስቴ። ለአባባ ደውዬ "አይሰጡኝም" አልኳቸው፤ "እሺ፣ ነይ" አሉኝ። ስደርስ አፈሩ ተመልሶ አልቆ ነበር።

አበባውን ማን እንደጨመረው አውቃለሁ። ሙሽራ አበባ ሳይኖራት እንዳትሄድ ብለው፣ ከደጅዎ ካለው ዛፍ ቀጥፈው፣ እዚያው ጎንጉነው እንደሆነ አውቃለሁ። ለዚህ ነው ያልነገርኩዎት። ይህንን ሰምተው እንዴት እንደሚኖሩ ስላላወቅሁ ነው። ይልቅ ዝም ብዬ ብኖር ይሻላል አልኩ።

አሁን ሁለተኛውን ልንገርዎ። ፎቶውን እኔም ሳጥን ከፍቼ አወጣሁት። እውነትዎን ነው፤ ወገባቸው ባዶ ነው። በዚያ ቀን የማንንም ወገብ የማይበት ዓይን አልነበረኝም። ቅዳሜ አባባ ወጥ ቤት ጎደሬ ሲልጡ አጠገባቸው ቆምኩና ጠየቅኋቸው።

"አባባ፣ የሴላ ቀብር ለት ምንጣፍዎን ለምን አላሰሩም?"

ቢላዋው ቆመ። "ማን አለ?"

"ፎቶው።"

"ማን ጠየቀ?"

የጎደሬውን ልጣጭ መሰብሰብ ጀመርኩ።

"እሷ ናት?" አሉ፣ ስምዎን ሳይጠሩ። ራሴን ነቀነቅሁ። ከዚያ ጎደሬውን እያዩ ነው የተናገሩት። "አስሬ ነበር። አንቺ አይሰጡኝም ብለሽ ስትደውዪ ሳጥኑ ጉድጓዱ አፍ ላይ ነው። ወደ ውስጥ አየሁ። ከታች ያንን አረንጓዴ የፕላስቲክ ሣር አንጥፈውበታል። ልጄን ፕላስቲክ ላይ አላስተኛትም። ወረድኩ። ፈታሁት። አነጠፍኩት። ወጣሁ። በቃ።"

"ለምን አልነገሩኝም?"

"ምን ብዬ? ሰው ፊት ወገቤን ፈታሁ ብዬ?" አሉና ቢላዋውን አነሱ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ፣ "የእናቴ ነበር፤ ለስላሳ ነው፣ አይወጋም" አሉ።

እኔ ጓሮ ወጥቼ አለቀስኩ። እርስዎም ያልቅሱ አክስቴ።

ፉሲ

*

ኦቫካ
ሴፕቴምበር 18፣ 2016

ለልጄ ለፉሲ፤

እውነት የሚናገር አፍ የሰጠሽ አምላክ ይመስገን። እንዲህ መዘግየቴ ጀልባው ተበላሽቶ ነው ብለው ነግረውሽ ከሆነ ጀልባው ደህና ነው። የተበላሸሁት እኔ ነኝ።

ደብዳቤሽን አንብቤ፣ አጥፌ፣ መጽሐፍ ቅዱሱ ውስጥ ከተትኩት። ቤት ጠረግሁ። የተጠረገውን ደግሜ ጠረግሁ። ከዚያ ወጥቼ የሄይላላውን ዛፍ ልቆርጠው ገጀራ አነሳሁ፤ ክንዴ እምቢ አለኝ። ዛፉ ምን አደረገ? ጉንዳኑስ ምን አደረገ? ቸኩዬ ነበር ልጄ፤ አውሮፕላኑ ሊነሳ ነበር፤ ሳላራግፍ ጠቀለልኩት። እኔን ሳትነግሪኝ ይህን ያህል ዘመን ብቻሽን ተሸከምሽው። ዋሸሽኝ አልልሽም።

ወንድሜን ግን አራት ዓመት በሆዴ ቀየምኩት። እሱ ለካ ወገቡን ፈትቶ ነው። ይህን ለማን ልንገር? ለእሱ አልነግረውም፤ አይነገርም። እግዚአብሔር ይንገርልኝ።

እናታችን ያንን ምንጣፍ ጠርዙ እስኪበጣጠስ ታጥቃዋለች። ሴላ ባዶ መሬት ላይ አልተኛችም ማለት ነው። አያቷ ወገብ ላይ ነው የተኛችው። ይህን ሳስብ እንቅልፍ መጣልኝ።

ታዲያ ከሥሯ ካልበረዳት ደጄ ላይ ምን ትፈልጋለች? አሰብኩ፣ አሰብኩ። ሌላ ምንም አይደለም፤ ሠርጓን ነው የምትጠብቀው። አንቺ እውነትሽን ነው፤ ልብሱ ያንቺ አይደለም። የእሷን ለእሷ እንስጣት፣ ያንቺን አንቺ ውሰጂ። ፍርድ ቤትሽ ሂጂ። ቀኑንና ሰዓቱን ብቻ ላኪልኝ። በዚያው ሰዓት እኔ እዚህ ልብሱን ከደጃፌ እስከ ቤተ ክርስቲያኑ እዘረጋለሁ፣ ምንጣፍ እከምራለሁ፣ በጋለ ድንጋይ የበሰለውን አሳማ ከመሬት ምድጃው አወጣለሁ። ለሰው "የፉሲ ሠርግ ነው" እላለሁ። የማን እንደሆነ እኔ አውቃለሁ። አንዴ ገብታ ትቀመጥ፣ ፀጉሯን ዘይት ልቀባላት፤ ከዚያ ትረፍ። እኔም ልረፍ።

ቶማሲ ለለቀማ ሲመለስ ትንሽ ጥቅል ይዞልሽ ይመጣል። የወገብ ምንጣፍ ነው፤ እንደ እናታችን ያለ አይደለም፣ ገና አዲስ ነው፣ ትንሽ ይወጋል። አራግፌዋለሁ። ፀሐይ ላይ ሰንብቷል። አንድ ቅጠል ፈልጌበት አጣሁ። ለወንድሜ ስጪው። ከእኔ ነው አትበይው፤ ያውቃል።

አክስትሽ ቬይሲኒያ

*

ኦቫካ
ኦክቶበር 15፣ 2016

ለፉሲ፤

ትናንት የተሞሸርሽ ልጄ፣ ትዳርሽ ይስመር፣ ቤትሽ ልጅ ይሙላበት። እናንተ ዘንድ ዘጠኝ ሰዓት ብለሽ በቶማሲ ስልክ የላክሽው ደርሶኛል፤ እኛ ዘንድ ፀሐይ የምታዘቀዝቅበት ናት፣ የእሷ ሰዓት።

ሁሉንም አደረግሁ። ሰው ሁሉ መጣ፤ ከሁንጋ ደሴት ሳይቀር በጀልባ መጡ። ሙሽራ የሌለበት ሠርግ አይተው አያውቁምና "ፈረንጁ በስልክ ነው የሚገባው?" እያሉ ቀለዱ። ልብሱ ሲዘረጋ ግን ቀልዱ ቀረ። አራት ዓመት ታጥፎ ቀለሙ ምንም አልሆነም። ምንጣፉን ከመርኩ፣ ከላይ ተቀመጥኩ፣ ዘይቱን ከፍቼ ያዝኩ። ቦታዋን ባዶ አድርጌ ጠበቅሁ።

አልመጣችም።

ውሻው ፊቱን ወደ ባሕር አዙሮ ተኛ፤ ጆሮውን እንኳ አላነሳም። ሰዓቷ አለፈ። ደጃፉን ሳይ፣ ደጃፉን ሳይ ጨለመ። በመጨረሻ ዘይቱን ባዶው ቦታ ላይ አፈሰስኩት፤ የሴቶቹ ዓይን ሁሉ እኔ ላይ ነበር። "አሮጊቷ ለየላት" ሳይሉኝ አይቀሩም። ይህን ሁሉ አንጥፌላት፣ ይህን ሁሉ ደግሼላት ልጄ አልመጣችም። ምን አጠፋሁ? ከእንግዲህ የት ነው የምፈልጋት?

ንገሪኝ እስቲ፤ አንቺስ እንዴት ነበርሽ? ብቻሽን ነበርሽ?

አክስትሽ

*

ባንዳበርግ
ኦክቶበር 15፣ 2016

ለአክስቴ ቬይሲኒያ፤

ከትናንቱ ደስታዬ የእርስዎን ድርሻ በዚህ ወረቀት ልኬልዎታለሁ። አግብቻለሁ። በእርስዎ በኩል እንዴት እንደሆነ ገና አልሰማሁም፤ ሳልሰማ ልጻፍልዎ ብዬ ነው።

ጠዋት ጥቅልዎን ለአባባ ሰጠኋቸው። ማን ላከው አላሉም። አሸተቱት፣ አገላበጡት፣ ጓዳ ገብተው በሩን ዘጉ። ሲወጡ ከሱሪያቸው ላይ አስረውታል። ቀጥ ብለው ነበር የሚራመዱት። እኔ ነጭ ቀሚስ ለበስኩ፣ ከሱቅ የተገዛ፣ ማንም ያልለበሰው።

ፍርድ ቤቱ በር ላይ ጥበቃ አለ፤ ብረት የሚፈትሽ። ግራንት ቀበቶውን አውልቆ አለፈ። አባባ ሲደርሱ ሰውየው ወገባቸውን አየና፣ "አባት፣ እሱንም ያውልቁልኝ፣ በማሽኑ ይለፍ" አላቸው።

አባባ አልተንቀሳቀሱም።

"የኔ ጌታ፣ ደንብ ነው፤ አንዴ አውልቀው መልሰው ያስሩታል።"

"አንዴ አውልቄዋለሁ" አሉት አባባ። "ሁለተኛ አላወልቅም።"

ከኋላችን ሰው ተሰልፏል። እኔ ዓይኔ ሞላ፤ ጥበቃው ምን እንዳየ አላውቅም፣ መፈተሻውን በእጁ ይዞ በምንጣፉ ዙሪያ በቀስታ አዞረውና "እሺ፣ ይግቡ አባት" አለ።

ክፍሉ እንዳልኩዎት ነው። ጠረጴዛ፣ ሰዓት፣ መሃሉ ላይ አንድ አግዳሚ ወንበር። ተራችን እስኪደርስ ሦስታችን ተቀመጥን፤ አባባ ከዳር፣ ግራንት መሃል፣ እኔ ከወዲህ። ሰዓቱ ዘጠኝ ሲል ሽታው መጣ። የኮኮናትና የሄይላላ ዘይት፣ እርስዎ የሚያፈሉት፣ ሌላ ሰው እንደዚያ አድርጎ አያፈላውም። እጄን አሸተትኩ፤ አልተቀባሁም። ምንጣፉ ይሆናል ብዬ ወደ አባባ ዞርኩ። ሽታው ግን በእሳቸው በኩል አልነበረም። ከበሩ በኩል ነበር የሚመጣው። እኔ ደግሞ ለበሩ ጀርባዬን ሰጥቼ ነበር የተቀመጥኩት፤ ሳላስበው። ከስንት ጊዜ በኋላ። አልዞርኩም። ለመዞርም አልፈራሁም።

ግራንት አሸተት አሸተት አደረገና "ምን ተቀባሽ? ደስ ይላል" አለኝ።

አባባ ወደ በሩ አዩ። ፊታቸው ላይ ድንጋጤ አልነበረም። ምንጣፋቸውን ሰብስበው ወደ ዳር ተጠጉና የግራንትን ክንድ ነካ አደረጉት።

"ጠጋ በል እንጂ ልጄ፣ ቦታ ልቀቅ" አሉት። "ሴላ ቆማለች'ኮ።"

ግራንት አንዴ እሳቸውን፣ አንዴ እኔን አየ፤ ከዚያ ምንም ሳይጠይቅ ወደ እኔ ጠጋ አለ። ስማችን እስኪጠራ ድረስ በእሱና በአባባ መካከል ያለው ቦታ ባዶ ነበር።

ልጅዎ ፉሲፓላ